አውሬውን ያገዘፈው መቀስ፤ የጃፓን የልዩ ብልኀት ፊልሞች አቈራረጥ ታሪክ

ከሲኒማ ቤት ገብቶ ተራራ የሚያክል አውሬ ቤቶችን ሲረግጥ፣ ባቡሩንም ከሐዲዱ ላይ ሲያነሣ ያየ ተመልካች፣ ትርኢቱ አልቆ ሲወጣ የሚጠይቀው አብዛኛውን ጊዜ አንድ ነገር ነው። «ይህን አውሬ እንዴት አድርገው ሠሩት?» ይላል። ጥያቄው መልካም ነው፤ መልሱን የሚፈልግበት ቦታ ግን ሁልጊዜ ትክክለኛው ቦታ አይደለም። የአውሬውን ልብስ ስለ ሠሩት፣ ትንንሾቹን ቤቶች ስለ ገነቡት፣ ልብሱንም ለብሶ በመብራት ግለት ስለ ተንገላታው ሰው ብዙ ተጽፎአል፤ ምስጋናም አላነሣቸውም። ፊልሙን ቈርጦ የቀጠለው ባለሙያ ግን ስሙ በመክፈቻው ጽሑፍ መካከል ብቅ ብሎ ይጠፋል። ሥራው ሲያምር ማንም አያየውም፤ ሲበላሽ ግን ሁሉም ያየዋል።

እኛ በዚህ ጽሑፍ ለማስረዳት የምንፈልገው፣ የጃፓን የልዩ ብልኀት ፊልም አውሬ ተወልዶ የሚያድገው በቈራጩ ጠረጴዛ ላይ መሆኑን ነው። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንዲሉ፣ ለየብቻቸው ሲታዩ የሚያስቁ ትንንሽ የፊልም ቁራጮች ተባብረው አንድ ከተማ የሚያስጨንቅ ግዙፍ ፍጥረት ያወጣሉ። ነገሩ ግን በዚህ አያበቃም። ያው አውሬውን ያገዘፈ መቀስ የአንድ ሕዝብ ኀዘን እንዲታይ ሊያደርግ ወይም እንዳይታይ ሊያስቀር እንደሚችል ታሪኩ ራሱ ይመሰክራል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮጳውያን አቈጣጠር ናቸው።

በመጀመሪያ የሥራውን ጠባይ እንመልከት። ፊልም በተርታ የታተሙ የቆሙ ሥዕሎች ስብስብ ነው። ድምፅ ያለው ፊልም በሲኒማ ቤት ሲታይ በየሴኮንዱ 24 ሥዕሎች በመብራት ፊት ያልፋሉ። ስፋቱ 35 ሚሊሜትር የሆነው የተለመደው ፊልም በአንድ ጫማ ርዝመት 16 ሥዕሎች ስለሚይዝ፣ የአንድ ደቂቃ ትርኢት 90 ጫማ ፊልም ይፈጃል። ቈራጩ ይህን ሁሉ ሥዕል በእጁ እየዳሰሰ፣ የትኛው ሥዕል የመጨረሻ፣ የትኛውም የመጀመሪያ እንደሚሆን ይወስናል። ሁለት ወይም ሦስት ሥዕል መጨመር ወይም መቀነስ ለመስማት እንኳ የማይገባ ትንሽ ነገር ይመስላል። ነገር ግን አንድ ጡጫ ከባድ ወይም ቀላል ሆኖ የሚታየው በዚህች በትንሿ ልዩነት ነው።

አንድ ሰው ደንግጦ ወደ ላይ ሲያይ የሚያሳይ ቁራጭ፣ አንድ ግንብ ሲፈርስ ከሚያሳይ ቁራጭ ጋር ቢቀጠል፣ ሰውዬው ግንቡን ያየ መሆኑን ተመልካቹ ራሱ ይፈርዳል። ማንም አልነገረውም፤ ሁለቱ ቁራጮች በመጋጠማቸው ብቻ ሦስተኛ ሐሳብ ተወለደ። ይህ በማንኛውም ፊልም ውስጥ ያለ ሕግ ነው። በልዩ ብልኀት ፊልም ግን ችግሩ ከዚህ ይከብዳል። የሚሸሸው ሕዝብና የሚያሳድደው አውሬ በአንድ ቦታ፣ በአንድ ቀን፣ በአንድ ካሜራ ፊት አብረው አልቆሙም። ሕዝቡ በእውነተኛ መንገድ ላይ ሮጠ፤ አውሬው ደግሞ በስቱዲዮ ውስጥ ቁመቱ ከሰው በማይበልጥ የአሻንጉሊት ከተማ ላይ ተራመደ። በጃፓን ልማድ እነዚህን የሚያነሡት ሁለት የተለያዩ ጓዶች ናቸው። ዋናውን ታሪክ ከተዋንያን ጋር የሚያነሣው ክፍል «ሆምፔን» ሲባል፣ የልዩ ብልኀቱ ክፍል «ቶኩሳጹ» ይባላል። ለእያንዳንዳቸውም የራሳቸው አዛዥ አላቸው። እንግዲህ ቈራጩ የቆመው ሁለት ወንዞች በሚገናኙበት ስፍራ ነው፤ ውሃው አንድ ካልሆነለት ፊልም የለም።

የዚህ ጥበብ አባት ተብለው የሚታወቁት ኤይጂ ጹቡራያ ናቸው። በ1901 ዓ.ም. በፉኩሺማ አውራጃ ሱካጋዋ በምትባል ከተማ ተወለዱ። ወደ ፊልም ሥራ የገቡት በወጣትነታቸው በካሜራ በኩል ነው። በ1933 ዓ.ም. የአሜሪካኖች «ኪንግ ኮንግ» የተባለው ፊልም ወጥቶ ሲመለከቱት እጅግ ተደነቁ። አድንቀው ግን አልተቀመጡም። የፊልሙን አንድ ቅጂ አግኝተው ሥዕል በሥዕል እያገላበጡ መረመሩት። ይህን ነገር አስተውለን ልናልፈው ይገባናል፤ ጹቡራያ የተማሩት በተመልካች ወንበር ላይ ተቀምጠው ሳይሆን ፊልሙን በእጃቸው ይዘው ነውና። አንድ ብልኀት የት እንደሚጀምርና የት እንደሚያበቃ፣ ለስንት ሥዕልም ያህል እንደሚታይ የሚያውቀው ቈራጭ ነው። እሳቸውም በካሜራ ጀምረው የቈራጭ ዓይን አበጁ።

ይህ ጥበብ መጀመሪያ በሰፊው የታየው ግን ለመልካም ዓላማ አልነበረም። በታኅሣሥ 1942 ዓ.ም. የጃፓን ባሕር ኀይል በፐርል ሀርበር ላይ የጣለውን አደጋ አንደኛ ዓመት ምክንያት በማድረግ፣ ቶሆ የተባለው ኩባንያ በካጂሮ ያማሞቶ ዲሬክተርነት ስለ ሐዋይና ስለ ማላያ የባሕር ጦርነት አንድ ፊልም አወጣ። ጹቡራያ ወደቡንና የጦር መርከቦቹን በትንንሽ አምሳያ ሠርተው የአውሮፕላኖቹን አደጋ አነሡ። ቁራጮቹ እጅግ በጥንቃቄ ስለተገጣጠሙ የፊልሙ ዝና በአገሩ ሁሉ ተሰማ። ፊልሙ ለጦርነት ስብከት የተዘጋጀ ነበረ። ጃፓን ከተሸነፈች በኋላም ጹቡራያ በዚህ ዓይነት ሥራቸው ምክንያት በ1948 ዓ.ም. ከሥራ ታገዱ። ወደ ቶሆ የተመለሱት ቈይተው ነው። ብልኀት በራሱ ክፉም ደግም እንዳይደለ፣ መልኩን የሚያገኘው ከተቀጠረለት ዓላማ እንደሆነ በአንድ ሰው የሥራ ዘመን ውስጥ ይታያል።

የሚቀጥለው ምዕራፍ የተከፈተው በእሳት ነው። መጋቢት 1 ቀን 1954 ዓ.ም. አሜሪካ በቢኪኒ ደሴቶች ላይ የሃይድሮጂን ቦምብ ፈተነች። «ዳይጎ ፉኩርዩ ማሩ» የተባለችው የጃፓን ዓሣ አጥማጅ ጀልባ 23 መርከበኞችዋን እንደ ያዘች የመርዙ ዐመድ ወረደባት። ከመርከበኞቹ አንዱ የሬዲዮ ሠራተኛው አይኪቺ ኩቦያማ በመስከረም 23 ቀን በዚያው ዓመት ሞቱ። በሂሮሺማና በናጋሳኪ የተቃጠለው ሕዝብ ቁስሉ ሳይጠግግ ሌላ እሳት መጣበት። በዚያው ዓመት የቶሆው ፕሮዲውሰር ቶሞዩኪ ታናካ በቦምብ ፍተሻ ከባሕር ጥልቅ ስለ ተቀሰቀሰ አውሬ ፊልም እንዲሠራ አሳሰቡ። የዋናው ክፍል ዲሬክተር ኢሺሮ ሆንዳ ሆኑ፤ የልዩ ብልኀቱ ክፍል ለጹቡራያ ተሰጠ። ሆንዳ በወታደርነት ቻይና ቈይተው በ1946 ዓ.ም. ወደ አገራቸው ሲመለሱ በሂሮሺማ በኩል አልፈው ፍርስራሹን በዓይናቸው ያዩ ሰው ነበሩ። የአውሬው ስም «ጎጂራ» ተባለ፤ ይኸውም ጎሪላ ከሚለው ቃልና በጃፓንኛ ዓሣ ነባሪ ማለት ከሆነው «ኩጂራ» የተሰፋ ስም ነው። ፊልሙ በኅዳር 3 ቀን 1954 ዓ.ም. ታየ።

ጹቡራያ አውሬውን እንደ ኪንግ ኮንግ አሻንጉሊቱን በጥቂት በጥቂቱ እያንቀሳቀሱ፣ ሥዕል በሥዕል ለማንሣት ቢመኙ ጊዜውም ገንዘቡም አልበቃም። ስለዚህ ሀሩኦ ናካጂማ የተባሉት ተዋናይ ከባድ የአውሬ ልብስ ለብሰው በትንሿ ቶኪዮ ላይ እንዲራመዱ ተደረገ። ከተማይቱ በእውነተኛዋ ሀያ አምስተኛ እጅ ልክ ተሠራች። አውሬው በታሪኩ 50 ሜትር ቁመት ሲኖረው፣ በስቱዲዮው ውስጥ ልብሱን የለበሰው ሰው 2 ሜትር ያህል ነበረ።

እዚህ ላይ የተማሪ ቤት ሒሳብ ይረዳናል። ከ50 ሜትር ከፍታ የወደቀ ድንጋይ መሬት እስኪደርስ ከ3 ሴኮንድ ጥቂት የሚበልጥ ጊዜ ይፈጅበታል። ከ2 ሜትር ከፍታ የወደቀው ግን ከአንድ ሴኮንድ ባነሰ ጊዜ፣ ማለት በ0.64 ሴኮንድ ያህል ይደርሳል። የከፍታው ልዩነት 25 እጥፍ ሲሆን የጊዜው ልዩነት 5 እጥፍ ብቻ ነው፤ 5 በ5 ሲባዛ 25 ነውና። ስለዚህ የአሻንጉሊቱ ግንብ ሲፈርስ እንደ እውነተኛ ግንብ በከባዱ እንዲወድቅ ከተፈለገ፣ ካሜራው በየሴኮንዱ 24 ሥዕል በማንሣት ፈንታ 5 እጥፉን፣ ማለት 120 ሥዕል ማንሣት አለበት። ይህ በሲኒማ ቤት በ24 ሥዕል ሲታይ ጊዜው ይረዝማል፤ ግንቡም ይከብዳል። ጹቡራያና ረዳቶቻቸው እንደ ነገሩ ሁኔታ ፍጥነቱን ይለዋውጡ ነበር፤ የአሠራሩ መሠረት ግን ይኸው ነው።

ይህ ስሌት ለቈራጩ ሌላ ሥራ ያመጣበታል። ካሜራው በ120 ሥዕል ፍጥነት ሲሮጥ፣ ተዋናዩ በልብሱ ውስጥ ለአንድ ደቂቃ ቢንቀሳቀስ 450 ጫማ ፊልም ያልቃል፤ ይህም በመጋረጃው ላይ የ5 ደቂቃ ትርኢት ይሆናል። ከዚህ ሁሉ ውስጥ ለፊልሙ የሚጠቅመው ጥቂት ሴኮንድ ነው። እግሩ ከመሬት ሲነሣ እንጀምር ወይስ አስፋልቱን ሲነካ? ጭራው ግንቡን ሲመታ አቧራው እስኪጠራ እንቆይ ወይስ አቧራው ሳለ ወደሚሸሸው ሕዝብ እንለፍ? ቁራጩ ካጠረ ተመልካቹ ግዙፍነቱን አይለካውም፤ ከረዘመ ደግሞ ዓይን ያርፍና የልብሱን ስፌት፣ የግንቡን ካርቶንነት፣ የሽቦውንም ብልጭታ ይፈልጋል። ጥሩ ቈራጭ የሚቈርጠው ዓይን አምኖ ሳለ፣ መጠርጠር ከመጀመሩ በፊት ነው።

ጹቡራያ የብልኀቱን ክፍል ራሳቸው ቈርጠው የማቀናበር ልማድ ነበራቸው። ሁለቱ ክፍሎች እንዳይጋጩም የየትዕይንቱ ቅደም ተከተል አስቀድሞ በሥዕል ተነድፎ ይሰጥ ነበር። ሕዝቡ ከግራ ወደ ቀኝ የሚሸሽ ከሆነ አውሬው ከግራ መምጣት አለበት። በሆንዳ ካሜራ ፊት የቆመው ፖሊስ ዓይኑን ያነሣበት ከፍታ፣ በጹቡራያ ስቱዲዮ ውስጥ የአውሬው ራስ ካለበት ከፍታ ጋር መስማማት አለበት። ይህ ከተዛባ አውሬው ያንሣል፤ ፖሊሱም ሰማይ የሚያይ ሞኝ ይመስላል።

ድምፁም የመቀጠል ሥራ አካል ነበረ። የሙዚቃው ደራሲ አኪራ ኢፉኩቤ የአውሬውን ጩኸት ያገኙት የኮንትራባስን አውታር በሙጫ በተቀባ የቆዳ ጓንት አሽቶ ድምፁን በመቅዳትና ፍጥነቱን በመለወጥ ነው። ስለዚህ ምስሉም ድምፁም በአንድ ሕግ ተገዙ፤ ሁለቱም ከትንሽ ነገር ተወስደው ጊዜያቸው ስለተለወጠ ገዘፉ።

ይህ ሁሉ ግን ስለ ብልኀት ብቻ የተነገረ ነው። የ1954ቱን ፊልም ከጨዋታ የሚለየው ከጥፋቱ በኋላ የተቀጠለው ክፍል ነው። አውሬው ቶኪዮን አቃጥሎ ወደ ባሕር ሲመለስ ፊልሙ ወዲያው ወደ ጀግና ወይም ወደ ድል አይዘልም። መቀሱ ወደ ሐኪም ቤት ይወስደናል። ቁስለኞች በወለሉ ላይ ተዘርግተዋል፤ በሕፃን ፊት የጨረር መለኪያ መሣሪያ ተይዞ ሲንጫጫ ይሰማል፤ እናቱ የሞተችበት ልጅ ታለቅሳለች። ቈየት ብሎም የልጃገረዶች መዘምራን ለሰላም ሲጸልዩ ይሰማል፤ መዝሙሩም በፍርስራሹ ሥዕል ላይ ተዘርግቶ ይቈያል። አንድ ፈጣን ቈራጭ ይህን ሁሉ «ታሪኩን ያዘገያል» ብሎ ሊጥለው ይችል ነበር። ሆንዳ ግን አቈዩት። የአውሬው ክብደት የተለካው በሴኮንድ 120 ሥዕል በማንሣት ብቻ እንዳልሆነ ከዚህ ይታያል፤ ሐኪም ቤቱ ባይኖር ግንቦቹ ካርቶን ሆነው ይቀሩ ነበር። የጃፓን ሕዝብም ነገሩ ገባው፤ በአገሩ ውስጥ ብቻ 9 ሚሊዮን 600 ሺህ ያህል የመግቢያ ትኬት ተሸጠ።

በማግስቱ ዓመት በ1955 ዓ.ም. ሁለተኛው ፊልም በሞቶዮሺ ኦዳ ዲሬክተርነት ሲሠራ አንድ ስሕተት አዲስ ትምህርት አመጣ። የሁለት አውሬዎችን ውጊያ ካነሡት ካሜራዎች አንዱ በስሕተት በዝግታ ፍጥነት ላይ ተትቶ ነበርና፣ የተነሣው ፊልም ሲታይ አውሬዎቹ እንደ ከባድ ፍጥረት በመንቀርፈፍ ፈንታ እንደ ተናደዱ ውሾች ይቀጣጠፋሉ። ጹቡራያ ቁራጩን አልጣሉትም። ለቁጣ የሚስማማ ሆኖ ስላገኙት በፊልሙ ውስጥ አስገቡት፤ ከዚያም በኋላ በውጊያ ትዕይንት ልዩ ልዩ ፍጥነት መጠቀም ልማድ ሆነ። የቈራጭ ጥበብ የተበላሸ የመሰለውን ቁራጭ ደግሞ ማየትን እንደሚጨምር ከዚህ እንማራለን።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር ደርሰናል። የመጀመሪያው «ጎጂራ» ወደ አሜሪካ ሲሄድ እንዳለ አልቀረበም። በ1956 ዓ.ም. «ጎድዚላ የአውሬዎች ንጉሥ» በሚል ስም የወጣው ፊልም በቴሪ ሞርስ እጅ እንደገና የተቈረጠ ነው። 96 ደቂቃ የነበረው ፊልም 80 ደቂቃ ሆነ። በዚህም ውስጥ በጃፓን ያልተነሣ አዲስ ክፍል ገባ። ተዋናዩ ሬይመንድ በር ስቲቭ ማርቲን የተባለ አሜሪካዊ ጋዜጠኛ ሆኖ በየትዕይንቱ ዳር ቆሞ ያያል፤ ለተመልካቹም ይተርካል። ጃፓናውያኑን ተዋንያን ያነጋገረ እንዲመስል፣ ፊታቸው የማይታይ ሌሎች ሰዎች በጀርባ ቆመው ተነሡ። ከዚያ በኋላ ከሆንዳ ፊልም የተወሰደ የፊት ቁራጭ ተቀጠለ።

በእውነት ለመፍረድ፣ ሞርስ ሙያቸውን ያውቁ ነበር። በር ዓይኑን የሚያነሣበት ከፍታ ከአውሬው ከፍታ ጋር ይስማማል፤ ብዙ ተመልካች ጋዜጠኛው ቶኪዮ ሄዶ እንዳልነበረ አልጠረጠረም። ፊልሙም በብዙ አገር የታወቀው በዚህ ቅጂ አማካይነት ነው። በ1957 ዓ.ም. እንዲያውም ወደ ጃፓን ተመልሶ ታይቶአል። አውሬው በሃይድሮጂን ቦምብ እንደ ተቀሰቀሰም በዚህ ቅጂ ውስጥ አልተደበቀም። የቀረው ሌላ ነገር ነው። በጃፓኑ ፊልም በባቡር ተሳፍረው ስለ አውሬው ከሚያወሩት ሰዎች መካከል ከናጋሳኪ የተረፈች ሴት አለች፤ እስዋ በአሜሪካው ቅጂ የለችም። በጃፓኑ መጨረሻ ታካሺ ሺሙራ የሚጫወቱት ሽማግሌ ሊቅ፣ የቦምቡ ፍተሻ ካልቆመ ሌላ ጎጂራ ሊነሣ እንደሚችል ያስጠነቅቃሉ። በአሜሪካው መጨረሻ ግን ጋዜጠኛው አደጋው ማለፉንና ዓለም እንደገና በሕይወት መኖር መቻሉን ያበሥራል። አንዱ ቅጂ በጥያቄ፣ ሌላው በእፎይታ ይዘጋል። ለዚህ ምንም ቃል መዋሸት አላስፈለገም፤ ጥቂት ጫማ ፊልም ማንሣትና ጥቂት ጫማ መጨመር በቂ ነበረ። የጃፓኑ ፊልም እንዳለ በአሜሪካ ሲኒማ ቤቶች በሰፊው የቀረበው በ2004 ዓ.ም. ነው፤ ይኸውም ከ50 ዓመት በኋላ መሆኑ ነው።

ተመሳሳይ ነገር በ1962 ዓ.ም. በወጣው «ኪንግ ኮንግ ከጎጂራ ጋር» በተባለው ፊልምም ደረሰ። የጃፓኑን ፊልም የቈረጡት ሬይኮ ካኔኮ የተባሉ ሴት ባለሙያ ናቸው። በ1963 ዓ.ም. የወጣው የአሜሪካ ቅጂ የዜና አንባቢ ክፍል ጨመረ፤ አብዛኛውንም የኢፉኩቤ ሙዚቃ አውጥቶ ከሌሎች ፊልሞች በተወሰደ ሙዚቃ ተካው። ከዚህም የተነሣ «በጃፓኑ ቅጂ የሚያሸንፈው ጎጂራ ነው፤ በአሜሪካው ኪንግ ኮንግ ነው» የሚል ወሬ ለብዙ ዓመታት ሲነገር ኖረ። ወሬው ሐሰት ነው። በሁለቱም ቅጂዎች አውሬዎቹ ተያይዘው ባሕር ከወደቁ በኋላ ወጥቶ ወደ ደሴቱ ሲዋኝ የሚታየው ኪንግ ኮንግ ብቻ ነው። ወሬው ግን ለምን ታመነ ብንል፣ ሰዎች መቀሱ ምን ማድረግ እንደሚችል አውቀው ስለ ነበር ይመስለናል። አንድ ጊዜ የተለወጠ ፊልም ያልተለወጠውም ነገር እንዲጠረጠር ያደርጋል።

በአገሩ ውስጥም ቢሆን መቀሱ ሁልጊዜ አልራራም። የጃፓን የሲኒማ ተመልካች በ1958 ዓ.ም. ከ1 ቢሊዮን 127 ሚሊዮን በላይ ደርሶ ነበር፤ ቴሌቪዥን በየቤቱ ሲገባ ግን በ1970 ዓ.ም. ወደ 255 ሚሊዮን ያህል ወረደ። ገንዘቡ ሲያንስ የቈራጩ ሥራ በዛ። በ1966 ዓ.ም. የጹቡራያ ኩባንያ ለቴሌቪዥን ባወጣው «ኡልትራማን» የጀግናው መለወጥ አንድ ጊዜ ተነሥቶ በየሳምንቱ ይደገም ነበር፤ ጀግናው በምድር ላይ የሚቆየው 3 ደቂቃ ብቻ መሆኑም ውጊያውን አጭርና ጥብቅ አደረገው። በ1969 ዓ.ም. ሆንዳ በሠሩት የአውሬዎች ፊልም ደግሞ ከቀደሙት ፊልሞች የተወሰዱ ብዙ ውጊያዎች ገቡ። ወላጆቹ ሥራ ውለው ብቻውን የሚያመሽ አንድ ልጅ በሕልሙ የሚያያቸው ሆነው ስለተቀጠሉ ግን፣ አሮጌው ፊልም የልጁ ብቸኝነት መግለጫ ሆነ። ድህነትን በብልኀት መሸፈን እንደዚህ ነው። ጹቡራያ ከጥቂት ጊዜ በኋላ በጥር 25 ቀን 1970 ዓ.ም. ዐረፉ።

በዚያው በ1970 ዓ.ም. የሚያሳዝን ነገር ተደረገ። ቶሆ የድሮ ፊልሞቹን ለልጆች በዓል አሳጥሮ ሲያሳይ፣ የ1962ቱ ፊልም ከ97 ወደ 74 ደቂቃ ወረደ። የተቈረጠው ቅጂው ሳይሆን ዋናው ኔጋቲቭ ነበረ። ለብዙ ዓመታት ሙሉው ፊልም በሚታይበት ጊዜ እነዚያ ክፍሎች ከሌላው ጋር የማይስማማ ደብዛዛ መልክ ነበራቸው። ፊልሙ በሙሉ ርዝመቱና በጥሩ መልኩ ታድሶ የቀረበው በ2016 ዓ.ም. ነው። ለአንድ በዓል የተደረገ የጥቂት ቀን ሥራ ለማረም 46 ዓመት ፈጀ። ሰነድ የሚጠብቅ ማንኛውም መሥሪያ ቤት ይህን ምሳሌ ቢያስበው ይጠቀማል፤ ቅጂን መቍረጥ ይቻላል፤ ሥሩን መቍረጥ ግን ሌላ ነገር ነው።

ዛሬ ፊልሙ ራሱ ተለውጦአል። መቀሱና ማጣበቂያው ለኮምፒውተር ቦታቸውን ለቀዋል፤ የአሻንጉሊቱ ከተማም በአብዛኛው በሒሳብ የሚሣል ምስል ሆኖአል። ጥያቄው ግን አልተለወጠም። በ2023 ዓ.ም. በወጣውና ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ያለውን ጃፓን በሚያሳየው አዲስ የጎጂራ ፊልም፣ ታካሺ ያማዛኪ ዲሬክተርም የልዩ ብልኀቱ ኃላፊም ሆነው ሠሩ። ሁለቱ ወንዞች ከምንጫቸው አንድ ሆኑ ማለት ነው። 610 የልዩ ብልኀት ቁራጮች በ35 ሰዎች ያህል ተሠርተው፣ ፊልሙ በ2024 ዓ.ም. በአሜሪካ የልዩ ብልኀትን የኦስካር ሽልማት አገኘ። ከዚህ እጅግ በሚበልጥ ገንዘብ የተሠሩ ፊልሞች ቀርተው ይህ የተሸለመበትን ምክንያት የሚፈልግ ሰው፣ አውሬው ከመታየቱ በፊትና ከሄደ በኋላ ካሜራው በሰዎቹ ፊት ላይ ስንት ጊዜ እንደሚቆይ ይቍጠር። የሆንዳን ሐኪም ቤት በዚያ ያገኘዋል።

ከዚህ ታሪክ ለእኛ የሚተርፈን ምንድር ነው? መምህሩ ለተማሪዎቹ ፊልም ሲያሳይ፣ የሚታየውን ብቻ ሳይሆን በሁለት ቁራጮች መካከል ምን እንደ ቀረ ቢያስጠይቅ መልካም ነው። ተማሪው የአንድን ፊልም ሁለት ቅጂዎች ጎን ለጎን ቢያይ፣ ከብዙ ገጽ መጽሐፍ የማያገኘውን የማመዛዘን ትምህርት ያገኛል። መዝገብና ፊልም የሚጠብቀው ሹም ደግሞ ዋናውን ሳይነካ ያኑር፤ ዛሬ የማይጠቅም የመሰለ ቁራጭ ነገ የሚፈለግ ምስክር ሊሆን ይችላልና። ከናጋሳኪ የተረፈችው ያች ሴት በባቡሩ ውስጥ የምትናገረው ለጥቂት ሴኮንዶች ብቻ ነው፤ ቢለካ ከጥቂት ጫማ ፊልም አይበልጥም። የጃፓኑ ፊልም እንዳለ በመቀመጡ ግን ድምፅዋ እስከ ዛሬ ይሰማል።